ከንፈር መምጠጥና ካሜራ

(የተማሪዎች ማኅበር የሲኒማ ክበብ ባዘጋጀው የማታ ስብሰባ ላይ አንድ የሕግ ተማሪ ያደረገው ንግግር ነው። «ዓ.ም.» ካልተባለ በቀር ዓመቶቹ በኤውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።)



 ከሁሉ አስቀድሜ ይቅርታ እጠይቃለሁ፤ ይኸውም እናንተን ሳይሆን በዚህ ሰዓት ታች ከዛፉ ሥር ሆነው የሚጠብቁኝን ሁለት ጓደኞቼን ነው። ሁለቱም በተሽከርካሪ ወንበር የሚሄዱ ናቸው፤ ይህ አዳራሽ ደግሞ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው። እኔ በሁለት ክራንች 58 ደረጃ ቈጥሬ ወጥቻለሁ፤ የዘገየሁትም በዚሁ ምክንያት ነው እንጂ በተለመደው የአበሻ ቀጠሮ አይደለም። እንግዲህ ዛሬ ማታ «አካል ጉዳተኛ በዘጋቢ ፊልም እንዴት ይታያል?» እያልን ስንከራከር፥ ነገሩ ከሚመለከታቸው ሰዎች ሁለቱ በመስኮት የሚወጣውን ድምፅ ለመስማት ይሞክራሉ ማለት ነው። ንግግሬን ከዚህ እጀምራለሁ ብዬ አላሰብሁም ነበር፤ ደረጃው አስጀመረኝ።

እንደምታውቁት ክበባችን በዚህ ዓመት ስለ አካል ጉዳተኛ ተማሪዎች አንድ የ20 ደቂቃ ፊልም ለማንሣት ወስኗል። ፊልሙ በገንዘብ ማሰባሰቢያው ምሽት ይታያል፤ በሚገኘውም ገንዘብ ተሽከርካሪ ወንበርና ለዓይነ ስውራን የድምፅ መቅጃ ይገዛል ተብሏል። ዓላማው መልካም ነው። እኔም በፊልሙ እንድታይ ስለ ተጠየቅሁ ረቂቁን አንብቤአለሁ። ሲጀመር ዝናብ ይዘንባል፤ ዋሽንት ይሰማል፤ ከዚያ ሁለት ክራንቾች በጭቃ ውስጥ ሲራመዱ ይታያሉ። ፊት አይታይም። ክራንቾቹ የእኔ ናቸው። አዘጋጆቹ ወዳጆቼ ስለ ሆኑ አልተቀየምኋቸውም፤ ነገር ግን እሺ ከማለቴ በፊት በማኅበሩ ፊት የምናገረው አለኝ አልሁ።

ካሜራና እኔ የምንተዋወቀው ዛሬ አይደለምና። በተወለድሁበት ከተማ የ6ኛ ክፍል ተማሪ ሳለሁ የአንድ በጎ አድራጎት ድርጅት ሰዎች ካሜራ ይዘው መጡ። ፖሊዮ እግሬን የያዘኝ ገና በሕፃንነቴ ስለ ነበረ ያን ጊዜ የምሄደው በአንድ ዱላ ተደግፌ ነው። አባቴ ለፋሲካ የገዛልኝን አዲስ ጫማ አድርጌ ነበር፤ አውልቅ አሉኝ። የትምህርት ቤቱን ደረጃ ውጣ አሉኝ፥ ወጣሁ። እንደ ገና አሉኝ፥ ወጣሁ። በሦስተኛው ቀስ ብለህ አሉኝ። ከዚህ በኋላ በአስተርጓሚ «ምን ትመኛለህ?» ብለው ጠየቁኝ። እኔም የስፖርት አስተማሪው ዜሮ እየሰጠ አማካይ ውጤቴን ስለሚያወርድብኝ ይህ እንዲቀርልኝ እመኛለሁ ብዬ መለስሁ። ብዙ ዓመት አልፎ እዚህ ከገባሁ በኋላ ፊልሙን አንድ ጓደኛዬ ከኢንተርኔት አግኝቶ አሳየኝ። አፌ ይንቀሳቀሳል፤ ድምፄ ግን የለም። በላዩ ላይ አንድ ደስ የሚል ወፍራም ድምፅ፥ ይህ ልጅ የሚመኘው እንደ እኩዮቹ ኳስ መጫወት ነው እያለ በእንግሊዝኛ ይተርካል። እኔ ስለ ኳስ አንዲት ቃል አልተናገርሁም። ኳስም አልወድም።

እውነቱን ሁሉ ለመናገር ያህል ግን ይህንም ልጨምር። ከፊልሙ በኋላ ክራንች ተላከልኝ። ያ ክራንች ባይመጣ ኖሮ ከቤቴ እስከ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ያለውን 4 ኪሎ ሜትር በየቀኑ መሄድ አልችልም ነበር፤ ዛሬም በዚህ መድረክ ላይ አልቆምም ነበር። ስለዚህ «የሚያሳዝን ፊልም ለምንም አይጠቅምም» የሚል ሰው ቢመጣ አልስማማም። ክራንቹ መጥቷል። የስፖርቱ ዜሮ ግን እስከ 8ኛ ክፍል ተከትሎኛል፤ የትምህርት ቤቱ ደረጃም እንደ ነበረ አለ። የዛሬው ክርክሬ በእነዚህ በሁለቱ መካከል ያለ ነው።

በአገራችን አካል ጉዳተኛ ሲያልፍ ሰው ከንፈሩን ይመጣል። ይህ ድምፅ በፊደላችን አይጻፍም፤ ሁላችንም ግን እናውቀዋለን። ንቀት አይደለም፤ ርኅራኄ ነው፤ ብዙ ጊዜም ሳንቲም ይከተለዋል። ፎቶግራፉ በሚኒባስ ላይ ተለጥፎ በድምፅ ማጉያ «እርዱት» እየተባለ በከተማ የሚዞርለትን ሕመምተኛ አይታችኋል፤ በዚህ መንገድ የታከመ ሰው አለ። ነገር ግን ከንፈር የተመጠጠለት ሰው የሚመልሰው መልስ የለውም። ሰላምታ ቢሆን ሰላምታ ይመልሳል፤ ስድብም ቢሆን ይሳደባል። ለከንፈር መምጠጥ ምን ይባላል? እኔ እስካሁን አላገኘሁለትም። በዝናብና በዋሽንት የሚጀምር ፊልም ደግሞ ከንፈር መምጠጥን ለአንድ ሺ ሰው በአንድ ጊዜ የሚያከፋፍል መሣሪያ ነው።

አሁን ወደ ሰው አገር ልሻገር። የምሻገርበትም ምክንያት በዚህ ጉዳይ ብዙ ፊልም የተሠራውና ብዙ የተከራከሩበት በአሜሪካ ስለ ሆነ ነው።

በኒውዮርክ ከተማ በስታተን ደሴት ዊሎብሩክ የሚባል፥ የአእምሮ ዕድገት ውስንነት ላለባቸው ሰዎች የተቋቋመ የመንግሥት ተቋም ነበር። ለ4,000 ሰው ታስቦ የተሠራ ሲሆን በ1960ዎቹ ከ6,000 በላይ ሰው ታጭቆበታል። በ1972 ጄራልዶ ሪቬራ የተባለ ወጣት የቴሌቪዥን ጋዜጠኛ፥ ከዚያ ከሥራ የተባረረ አንድ ሐኪም በሰጠው ቁልፍ ገብቶ ፊልም አነሣ። በጨለማ ክፍል ወለል ላይ ራቁታቸውን የተኰራመቱ ልጆች በየሰዉ ሳሎን ታዩ። በዚያው ዓመት ወላጆች ክስ መሠረቱ፤ በ1975 ፍርድ ቤት ተዋዋዮቹ የተስማሙበትን ውሳኔ አጸና፤ በ1987 ተቋሙ ተዘጋ። ካሜራው በዚህ ሁሉ ትልቅ ድርሻ ነበረው።

ይሁን እንጂ በዚያ ፊልም ውስጥ ብዙ ሰው የማያነሣው አንድ ነገር አለ። በርናርድ ካራቤሎ የተባለ የ21 ዓመት ወጣት ለጋዜጠኛው ይናገራል። ሴሬብራል ፓልሲ ስላለበት ሰውነቱና አንደበቱ አይታዘዙለትም፤ አእምሮው ግን ሙሉ ነው። በ3 ዓመቱ በስሕተት የአእምሮ ጉድለት አለበት ተብሎ ገብቶ 18 ዓመት እዚያ ኖሯል። እርሱ መናገር ሲጀምር የፊልሙ ጠባይ ይለወጣል። እስከዚያ ድረስ የምናየው ገላ ነበር፤ አሁን ግን ምስክር ቆሟል። ካራቤሎ ከዚያ ከወጣ በኋላ ዕድሜውን ያሳለፈው ለመሰሎቹ መብት በመከራከር ነው።

ከዚያ 5 ዓመት ቀደም ብሎ ፍሬድሪክ ዋይዝማን በማሳቹሴትስ ግዛት በብሪጅዎተር የሚገኘውን የወንጀለኛ ሕሙማን ሆስፒታል አንሥቶ «ቲቲከት ፎሊስ» የሚባለውን ፊልም ሠርቶ ነበር። የግዛቱ ፍርድ ቤት የታማሚዎቹ ገመና ተገልጧል ብሎ አገደው፤ እገዳው ተነሥቶ ሕዝብ በነጻ እንዲያየው የተፈቀደው በ1991 ነው። ዋይዝማን በበኩላቸው መንግሥቱ የሸፈነው የሕሙማኑን ሳይሆን የራሱን ገመና ነው ባይ ነበሩ። የሕግ ተማሪ እንደ መሆኔ ይህን ክርክር ደጋግሜ አንብቤዋለሁ፤ በእኔ አስተያየት ሁለቱም ወገን የእውነት ቁራጭ ይዘዋል። ነገር ግን ጠበቆችና ዳኞች 24 ዓመት ሙሉ ስለ እነዚያ ሰዎች ፈቃድ ሲነጋገሩ፥ የጉዳዩ ባለቤቶች ዋና ተናጋሪ ሆነው የቀረቡበት ጊዜ የለም። ይህን ከዚህ ላይ ልተወውና ወደ ዋናው ነገሬ ልግባ።

ዋናው ነገሬ በ2020 የወጣው «ክሪፕ ካምፕ» የተባለው ፊልም ነው። «ክሪፕ» ማለት በእኛ ቋንቋ «ሽባ»፥ «አንካሳ» እንደ ማለት ያለ ስድብ ነው፤ የተሰደቡት ሰዎች ራሳቸው ቃሉን አንሥተው ለፊልማቸው ስም አደረጉት። ከሠሩት ከሁለቱ አንዱ ጂም ለብሬክት ናቸው። ከአከርካሪ ጉድለት ጋር ስለ ተወለዱ የሚሄዱት በተሽከርካሪ ወንበር ነው፤ ሙያቸውም የፊልም ድምፅ ማቀናበር ነው። ሁለተኛዋ ኒኮል ኒውንሃም ናቸው።

ታሪኩ የሚጀምረው በ1971 በጋ፥ በኒውዮርክ ግዛት በካትስኪል ተራሮች በነበረው «ጄነድ» በተባለ የአካል ጉዳተኛ ወጣቶች ካምፕ ነው። በዚያ በጋ «የሕዝብ ቪዲዮ ቴአትር» የሚባሉ ወጣቶች ካሜራ ይዘው ወደ ካምፑ መጡ። የመጡት ሰዎች የሠሩት ሥራ ቀላል ይመስላል፤ ካሜራውን ለልጆቹ ሰጧቸው። ያን ጊዜ ገና ጐረምሳ የነበረው ለብሬክት በወንበሩ ላይ ሆኖ ካምፑን እየዞረ ያሳያል። ጓደኞቼ፥ ይህን ክፍል ስመለከት ለምን እንደ ተደነቅሁ ወዲያው አልገባኝም ነበር። ኋላ ነው የገባኝ፤ ካሜራው ዝቅ ብሎ ነው የሚሄደው። ለካ ሁልጊዜ እኛን የሚያነሣን ቆሞ ወደ ታች እያየ ኖሯል።

በካምፑ ሰዎች ይዋደዳሉ፤ ይጣላሉ፤ ሲጋራ ያጨሳሉ፤ ቅማል ገብቶባቸው ይሥቃሉ። (ለእኔ የቅማሉ ታሪክ ከብዙ ዲስኩር ይበልጥብኛል፤ በዋሽንት የሚታጀብ ሰው ቅማል ይዞት ሲሥቅ ታይቶ አያውቅም።) አንድ ቀን ደግሞ በጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠው ስለ ወላጆቻቸው ይነጋገራሉ። አንዲት ልጅ ንግግሯ ለሰሚ እጅግ ከባድ ነው። ቃል ለማውጣት ትታገላለች፤ ጓደኞቿ ይጠብቃሉ፤ ካሜራውም ይጠብቃል። በመጨረሻ ከጓደኞቿ አንዱ የተናገረችውን ተረድቶ ለሌሎቹ ያስረዳል፤ ነገሯም ሰው ለብቻው የመሆን መብት እንዳለው ነው። እኛ ብንሆን በአርትዖት ቤት ይህን ክፍል በመጀመሪያ የምንቈርጠው ይመስለኛል።

በዚያው ካምፕ ከአስተባባሪዎቹ አንዷ ጁዲት ሂውማን የተባሉ ወጣት ነበሩ። በሕፃንነታቸው ፖሊዮ ይዟቸው በተሽከርካሪ ወንበር የሚሄዱ ሴት ናቸው። ልጅ ሳሉ ለእሳት አደጋ ያሰጋሉ ተብለው ከትምህርት ቤት ተመልሰዋል፤ ካደጉ በኋላም የአስተማሪነት ፈቃድ ቢከለከሉ በ1970 የኒውዮርክን የትምህርት ቦርድ ከሰው አስተማሪ ሆነዋል። በፊልሙ የምናያቸው ግን ወጥ ሠሪው ዕረፍት የሚወጣበት ቀን ምን ይበሰል ብለው ወጣቶቹን አንድ በአንድ ሲጠይቁና ድምፅ ሲያሰጡ ነው። በሐሳቡ ያልተስማማውን ሁሉ እስኪሰሙ ነገሩን አይዘጉትም።

ከ6 ዓመት በኋላ እኒሁ ሴት በሳን ፍራንሲስኮ የመንግሥት ሕንፃ ውስጥ አድማ ሲመሩ እናገኛቸዋለን። ነገሩ እንዲህ ነው። በ1973 የወጣው የአሜሪካ የተሐድሶ ሕግ በ504ኛው አንቀጽ፥ ከፌዴራል መንግሥት ገንዘብ የሚቀበል ማንኛውም ተቋም በአካል ጉዳት ምክንያት ሰውን እንዳያገል ይደነግግ ነበር። ሕጉ በሥራ የሚውልበት ደንብ ግን ሳይፈረም 4 ዓመት ቆየ። በሚያዝያ 5 ቀን 1977 ከ100 በላይ የሚሆኑ አካል ጉዳተኞችና ወዳጆቻቸው በሳን ፍራንሲስኮ የጤና፥ የትምህርትና የበጎ አድራጎት ሚኒስቴር ቅርንጫፍ ገብተው አንወጣም አሉ። ከ3 ሳምንት በላይ ቆዩ። መድኃኒታቸውን፥ የሚያገላብጣቸውን ሰው ሁሉ ትተው የገቡ ነበሩ። ስልክ ሲቈረጥባቸው መስማት የተሳናቸው ጓደኞቻቸው በመስኮት ቆመው በምልክት ቋንቋ ወሬ ያደርሱ ነበር። ብላክ ፓንተር የተባለው የጥቁሮች ድርጅት ትኩስ ምግብ ያመላልስላቸው ነበር። በሚያዝያ 28 ቀን ሚኒስትሩ ጆዜፍ ካሊፋኖ ፈረሙ።

ከዚህ ሁሉ ግን አንዲት ደቂቃ ከአእምሮዬ አትጠፋም። በሕንፃው ውስጥ ችሎት መሰል ስብሰባ ተደርጎ ከዋሽንግተን የተላከ ባለሥልጣን ተቀምጧል። ሂውማን እንባ እየተናነቃቸው ይናገራሉ፤ ሰውዬው በሐዘኔታ ራሱን ይነቀንቃል። እርሳቸው ንግግራቸውን አቋርጠው፥ የምንለው የገባህ ስለማይመስለኝ እንደ ተስማማ ሰው ራስህን መነቅነቅህን አቁም የሚል ነገር ነገሩት። ቅድም ለከንፈር መምጠጥ የሚመለስ መልስ አላገኘሁም ብያችሁ ነበር። እኒህ ሴት አግኝተውት ነበር፤ ያገኙትም ካሜራ ፊት ነው። ሂውማን በመጋቢት 4 ቀን 2023 ዐርፈዋል።

በአሜሪካ ሁሉ ነገር እንዲህ ተቃና ማለቴ አይደለም። ጄሪ ሉዊስ የተባለው ቀልደኛ ከ1966 እስከ 2010 በየዓመቱ የጡንቻ በሽታ ያለባቸውን ልጆች በቴሌቪዥን እያሳየ በብዙ ሚሊዮን ዶላር ይሰበስብ ነበር፤ ከእነዚያ ልጆች አንዳንዶቹ ካደጉ በኋላ በስማችን አትለምን ብለው ተሰልፈውበታል። ነገሩ እዚያም ገና ያከራክራል።

ወደ አገራችን ስመለስ፥ ፊልም ምን ሊያደርግ እንደሚችል እኛ ከማንም የበለጠ እናውቃለን። ጆናታን ዲምብልቢ በ1973 የወሎን ረኃብ አንሥተው በእንግሊዝ አገር አሳዩ። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ደርግ ያንኑ ፊልም ከቤተ መንግሥቱ ድግስ ጋር ቀጣጥሎ በቴሌቪዥን አሳየው፤ በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። አንዱ ፊልም ለእርዳታም ለመንግሥት ግልበጣም ዋለ፤ ለየትኛው ይዋል ብሎ የወሎን ገበሬ የጠየቀ ግን አልነበረም። ከዚያ የተሻለ ሥራም ታይቷል። በ2007 የወጣውና የፊስቱላ ሕመም የደረሰባቸውን ሴቶቻችንን እስከ አዲስ አበባው ሆስፒታል የሚከተለው «ኤ ዎክ ቱ ቢዩቲፉል» ሴቶቹን በገዛ ቋንቋቸው ያናግራል፤ ሕክምናው ለሁሉም እንደ ታሰበው አለመሆኑንም አልደበቀም። ቢሆንም እኔ ሁልጊዜ የምመኘው ሌላ ፊልም ነው፤ በዚያው ሆስፒታል ታማሚ ሆነው ገብተው የቀዶ ሕክምና ሙያ የተማሩትን የወይዘሮ ማሚቱ ጋሼን እጅ በሥራ ላይ የሚያሳይ። ወይም ዓይነ ስውር ሆነው ሕግ የተማሩትንና በ2017 የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማት የተቀበሉትን የትነበርሽ ንጉሤን በክርክር ላይ። ለእርሳቸው ዋሽንት የሚነፋ ሰው ሥራ ያጣል።

ሕግስ ቢሆን መች አጣን? የአካል ጉዳተኞች የሥራ ስምሪት አዋጅ ቁጥር 568/2000 አለ። የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624/2001 የሕዝብ መገልገያ ሕንፃ ለአካል ጉዳተኛ እንዲመች አዟል። አገራችን የተባበሩት መንግሥታትን የአካል ጉዳተኞች መብት ስምምነት በ2002 ዓ.ም. አጽድቃለች። ሕጉ አለ፤ 58ቱም ደረጃ አለ።

እንግዲህ ለፊልማችን የምጠይቀው ምንድን ነው? እግሬን ሳይሆን ደረጃውን አንሡ። አንድ፥ ሁለት እያላችሁ እስከ 58 ቍጠሩት፤ ከዚያ ሕንፃውን የሚያስተዳድሩትን ሰው ካሜራ ፊት አስቀምጣችሁ አዋጁን አንብቡላቸው። የሚጠይቀውም ታች ከዛፉ ሥር ካሉት ከሁለቱ ጓደኞቼ አንዱ ይሁን፤ ካሜራውም በእርሱ ወንበር ቁመት ልክ ይቁም። ድምፁን ዓይነ ስውራን ጓደኞቻችን ይቅዱ፤ ከእኛ የተሻለ ይሰማሉ ለማለት ሳይሆን ሙያውን ለመማር ስለሚፈልጉ ነው፤ ሦስቱ ነግረውኛል። የተነሣው ሰው ሁሉ ፊልሙ ለሕዝብ ከመታየቱ በፊት ይመልከተው፥ ወይም ይተረክለት፤ ያልተናገረውን ቃል በአፉ ያገኘ እንደ ሆነ የማስወጣት ሥልጣን ይኑረው። መስማት ለተሳናቸው ጽሑፍ ይደረግበት። የተላላኩት የተማሪ ልብሶችና የዝናቡ ነገር ይቅሩ።

ይህን ሁሉ ትናንት ማታ ለእነዚያ ለሁለቱ ጓደኞቼ ሳነብላቸው አንደኛው ተስማማ። ሁለተኛው ግን ሣቀብኝና እንዲህ አለኝ፤ «አንተ ክራንች ስላለህ ነው። የእኔ ወንበር ጎማ ከፈነዳ 3 ወር ሆኖታል። ዝናቡንም ዋሽንቱንም ይጨምሩት፤ ብቻ ጎማውን ይግዙልኝ።» ልመልስለት ብዬ አፌን ከፈትሁ፤ የስድስተኛ ክፍሉ ክራንቼ ትዝ አለኝና ዝም አልሁ። እርሱ የሚለው እውነት ነው። የእኔ ፊልም የሚያመጣው ገንዘብ ከእናንተው ረቂቅ ሊያንስ ይችላል፤ ይህን ልሰውርባችሁ አልፈልግም።

ስለዚህ ከፊልሙ በፊት አንድ ሐሳብ በማኅበሩ ፊት አቀርባለሁ። የጓደኛችን ጎማ በዚህ ሳምንት ከማኅበሩ ካዝና ወጪ ሆኖ ይገዛ፤ ሌሎችም እንዲህ ያለ የቸኰለ ጉዳይ ያላቸው ይመዝገቡ። ጎማው ከተገዛ በኋላ እርሱ በፊልሙ ውስጥ ምን መናገር እንደሚፈልግ እንደ ገና ይጠየቅ፤ ያን ጊዜም ዝናቡን እፈልጋለሁ ቢል ዝናቡ ይግባ፥ እኔ ተቃውሞዬን አነሣለሁ። በዚህ ላይ ድምፅ እንዲሰጥ ሊቀ መንበሩን እጠይቃለሁ።

የፊልሙ ኮሚቴ የሚሰበሰበው ሐሙስ በ11 ሰዓት ነው ተብሏል፤ ቦታው ግን እዚሁ ፎቅ ላይ ተጽፏል። ምድር ቤት ካለው የንባብ ክፍል ይዛወርልን። አሁን 58ቱን ደረጃ መውረድ ስላለብኝ፥ ጥያቄ ያለው ሰው ታች ከዛፉ ሥር ሦስታችንንም ያገኘናል።